ወንበሩ የማን ነው?

በዚህ ግቢ ክርክር ሲነሣ ሙግቱ የሚያልቀው በማስረጃ ሳይሆን በሰው ስም እንደ ሆነ ብዙ ጊዜ ታዝበናል። አንዱ «እገሌ በቴሌቪዥን እንዲህ ብሏል» ሲል፣ ሌላው «እገሌማ የተገዛ ነው፤ እውነቱን የተናገረው እንቶኔ ነው» ብሎ ይመልሳል። ሁለቱም የሚጠሩት ሰው በመስኮቱ ብቅ ብሎ ወሬውን የሚተረጉምላቸውን ሐተታ አቅራቢ ነው። ያ ሰው ደፋር ነው፣ ፈሪ ነው፣ ሆዳም ነው፣ ሐቀኛ ነው እየተባለ ጠባዩ ሲመረመር ይመሻል። የተቀመጠበት ወንበር ግን አይመረመርም። ለመሆኑ ወንበሩን ማን ገዛው? በየትኛው ሰዓት እንዲቀመጥበት ተፈቀደለት? ሲነሣስ ማን አስነሣው?

ይህን ጥያቄ ለማንሣት የሩቅ ሰው መርጠናል፤ የቅርቡን ብናነሣ ነገሩ ገና ሳይጀመር ወደ ጎራ ይለወጣልና። ሰውየው አሜሪካዊው ኤድዋርድ መሮው ነው። ከ1951 ጀምሮ ለአሥር ዓመት ያህል በሲ.ቢ.ኤስ. ቴሌቪዥን እየቀረበ ሲናገር የኖረ ነው። (ዓመቶቹ ሁሉ በፈረንጅ አቆጣጠር ናቸው።) የቴሌቪዥን ሐተታ አቅራቢ ምን መምሰል አለበት ሲባል ዛሬም ቀድሞ የሚጠራው የሱ ስም ነው። በ2005 ጆርጅ ክሉኒ ስለ እሱ ፊልም ሠራ፤ ፊልሙም በ2025 ወደ ቲያትር ተለውጦ በኒው ዮርክ ብሮድዌይ ታየ። እኛም እናደንቀዋለን። ነገር ግን ስለ ሰውየው ጀግንነት ብቻ የሚነገረው ታሪክ ከትምህርቱ ግማሹን ይደብቅብናል ብለን እናምናለን።

መሮው በ1908 በኖርዝ ካሮላይና ገጠር ተወለደ። ልጅ ሳለ ቤተሰቡ አገር አቋርጦ ወደ ምዕራቡ ጠረፍ፣ ወደ ዋሽንግተን ግዛት ፈለሰ፤ አባቱም ግንድ በሚያጓጉዝ ባቡር ላይ ተቀጠረ። ልጁ በዚያው ግዛት ኮሌጅ ገብቶ የንግግር ጥበብ ተማረና በ1930 ተመረቀ። የዚህችን መጽሔት አንባቢ ይበልጥ የሚመለከተው ግን ከመመረቁ ጥቂት ወራት በፊት የሆነው ነው። በ1929 መጨረሻ ካሊፎርኒያ ውስጥ በተደረገው የአሜሪካ ብሔራዊ የተማሪዎች ፌዴሬሽን ጉባኤ ላይ ተነሥቶ፣ ተማሪው ከኳስና ከጭፈራ አልፎ ስለ አገሩና ስለ ዓለም ጉዳይ ማሰብ አለበት ብሎ ተናገረ፤ ጉባኤተኛውም ወዲያው ፕሬዚዳንቱ አድርጎ መረጠው። ስለዚህ መሮው መናገር የተማረው እንደኛው በተማሪዎች ማኅበር ስብሰባ ላይ ነው። ከዚያ በኋላ በአንድ የዓለም አቀፍ ትምህርት ተቋም ውስጥ ሲሠራ፣ ሂትለር ከዩኒቨርሲቲ ያባረራቸው የጀርመን ሊቃውንት አሜሪካ ገብተው ሥራ እንዲያገኙ የሚረዳው ኮሚቴ ባልደረባ ነበረ። ይህን ሥራውን እናስታውስ፤ በኋላ ለክስ ይቀርብበታል።

ሲ.ቢ.ኤስ. የገባው በ1935 ነው፤ በ1937 ሎንዶን ተላከ። በማርች 1938 ሂትለር ኦስትሪያን ሲውጥ ከቪየና ተናገረ፤ በ1940 ሎንዶን በቦምብ ስትደበደብ ጣሪያ ላይ ቆሞ ያየውንና የሰማውን ለአሜሪካ ሕዝብ በራዲዮ አስተላለፈ፤ በአፕሪል 1945 ቡኸንቫልድ የተባለው የናዚዎች ማጎሪያ ነጻ በወጣ በማግሥቱ ገብቶ ሬሳ እንደ ማገዶ ተከምሮ አየ። ቴሌቪዥን ሲመጣ እንግዲህ ድምፁን የማያውቅ አሜሪካዊ አልነበረም። ፊቱን ብቻ ነው የጨመሩበት።

«ሲ ኢት ናው»፣ በአማርኛ «አሁን እዩት» እንደ ማለት፣ የተባለው ፕሮግራሙ በኖቬምበር 18 ቀን 1951 ተጀመረ። በመጀመሪያው ቀን በኒው ዮርክ ያለውን የብሩክሊንን ድልድይና በሳን ፍራንሲስኮ ያለውን ወርቃማውን ድልድይ በአንድ ጊዜ ጎን ለጎን አሳየ፤ ተመልካቹ ወንበሩ ላይ ተቀምጦ ሁለቱን ውቅያኖሶች አየ። ለዚህ ፕሮግራም ከዚያ ዓመት መጨረሻ ጀምሮ ገንዘብ የሚከፍለው አልኮኣ የሚባለው የአሉሚኒየም ኩባንያ ነበር። ይህ ኩባንያ ገበያውን ለብቻው ይዟል ተብሎ በ1945 በይግባኝ ፍርድ ቤት ተፈርዶበት ነበርና ስሙን ማደስ ይፈልግ ነበር። ደግሞም ዋና ደንበኛው ፋብሪካ እንጂ እንደ ሳሙና ነጋዴ የቤት እመቤት አልነበረችም፤ ስለዚህ በመሮው ንግግር ተቆጥታ ዕቃውን ትተውብኛለች ብሎ የሚሰጋበት ምክንያት አልነበረውም። በፕሮግራሙም ውስጥ እጁን አላስገባም። የመሮው ድፍረት በሙሉ በዚህች በተመቸች ወንበር ላይ የተቀመጠ ነበር። ድፍረቱን ለማሳነስ አይደለም እንዲህ የምንለው፤ ወንበሯ ባትኖር ኖሮ ያ ድፍረት ከቢሮው አይወጣም ነበር ማለታችን ነው።

የወንበሯን ጥቅም ለማየት የሴናተር ማካርቲን ነገር ከማንሣታችን በፊት ትንሽ የሚመስለውን የአንድ ተማሪ ጉዳይ እንመልከት። በ1953 ማይሎ ራዱሎቪች የተባለ የሃያ ስድስት ዓመት ወጣት በሚቺጋን ዩኒቨርሲቲ እየተማረ፣ በአየር ኃይል ተጠባባቂ ጦር ውስጥ የመቶ አለቃ ነበረ። አንድ ቀን ለአገር ደኅንነት ያሰጋል ተብሎ ማዕረጉን እንዲለቅ ተጠየቀ። ጥፋቱ ምን ነበር? እሱ ራሱ ምንም አላደረገም፤ አባቱና እኅቱ ግን የኮሙኒስት አሳብ አላቸው ተባለ። አባቱ ከሰርቢያ የመጣ ሠራተኛ ሲሆን በቋንቋው የሚታተም ጋዜጣ ያነብ ነበር። ማስረጃውን አሳዩን ሲባል በታሸገ ፖስታ ውስጥ ነው ተባለ፤ ፖስታውም አልተከፈተላቸውም። ከአባቱና ከእኅቱ ጋር ያለውን ግንኙነት ካቋረጠ ይማራል የሚል ነበር የነገሩ መንፈስ። ወጣቱ አባቴን አልክድም አለ።

መሮው ይህን ወሬ ያገኘው ከአንድ የዲትሮይት ጋዜጣ ነው። ሰዎቹን ልኮ አባትዮውን፣ እኅቱን፣ ጎረቤቶቹን አስቀረጻቸውና በኦክቶበር 20 ቀን 1953 ሙሉውን ሰዓቱን ለዚህ አንድ ሰው ሰጠ። በኖቬምበር 24 የአየር ኃይሉ ሚኒስትር በዚያው ፕሮግራም ላይ ቀርበው መቶ አለቃው በማዕረጉ እንዲቆይ መወሰኑን አስታወቁ። አምስት ሳምንት ብቻ ፈጀ። ሐተታ አቅራቢ ሁሉ ቅጥረኛ ነው፣ ማንንም አትመኑ እያሉ ከክርክር ሁሉ በላይ የሆኑ የሚመስላቸው ጓደኞቻችን ይህን ይመልሱልን። ያ ተማሪ ማዕረጉን ያገኘው በቴሌቪዥን በተነገረ ቃል ነው።

የማካርቲ ነገር ከዚህ ይበልጥ ስሙ የገነነ ነው፤ ስለዚህ አሳጥረን እንለፈው። ጆሴፍ ማካርቲ በመንግሥት መሥሪያ ቤቶች ውስጥ የተሰገሰጉ ኮሙኒስቶችን ዝርዝር ይዣለሁ ብሎ የተነሣው በፌብሩዋሪ 1950 ነበር። መሮው ስለ እሱ ግማሹን ሰዓት የሰጠው በማርች 9 ቀን 1954 ነው። በመካከሉ አራት ዓመት አለፈ። በእነዚያ አራት ዓመታት ውስጥ ሴናተር ማርጋሬት ቼዝ ስሚዝ በገዛ ፓርቲያቸው ሰው ላይ ተነሥተው ተናግረዋል፤ ጋዜጦች ጽፈዋል፤ ሥዕል ሠሪዎች ሥለዋል። ሲ.ቢ.ኤስ. ግን በ1950 መጨረሻ ሠራተኞቹን ሁሉ የታማኝነት መጠይቅ አስፈርሟል፤ መሮውም ፈርሟል። ይህን የምንለው ለነቀፋ አይደለም። የቴሌቪዥን ሰው ከሌላው ዘግይቶ የሚደርስበትን ምክንያት ለማሳየት ነው፤ ወንበሩ ከጋዜጠኛው እስክሪብቶ ይልቅ እጅግ ውድ ናትና።

ፕሮግራሙ ራሱ የተሠራው በአብዛኛው ከማካርቲ ከራሱ ፊልምና ንግግር ነበር። ሰውየው ራሱን እንዲያሳይ ተወው፤ በመጨረሻው ላይ ብቻ መሮው ወደ ካሜራው ዞሮ፣ መቃወም ማለት መክዳት እንዳልሆነ፣ ክስም ማስረጃ እንዳልሆነ፣ ፍርሃቱንም ማካርቲ ብቻውን እንዳልፈጠረው ተናገረ። ድርጅቱ ለፕሮግራሙ ማስታወቂያ አላወጣም። መሮውና ባልደረባው ፍሬድ ፍሬንድሊ ከኪሳቸው 1,500 ዶላር አውጥተው፣ የድርጅቱ ምልክት ሳይኖርበት፣ በኒው ዮርክ ታይምስ አሳወጁ። ማካርቲ በአፕሪል 6 መልስ ሲሰጥ ይዞ የቀረበው ያንን የቀድሞውን የትምህርት ተቋም ሥራ ነበር፤ ተቋሙ በሠላሳዎቹ ዓመታት ሞስኮ ሊደረግ ከታሰበ የክረምት ትምህርት ጋር ግንኙነት ነበረው ብሎ መሮውን ከሰሰው። ወጣት ሳሉ የሠሩት ሥራ ከሃያ ዓመት በኋላ ፋይሉ እንደሚወጣ ለዚህ ግቢ ሰው ማስረዳት አያስፈልገንም። በዲሴምበር 2 ቀን 1954 የአሜሪካ ሴኔት ማካርቲን በ67 ድምፅ በ22 ገሠጸው። ይህን ያደረገው መሮው ብቻ አልነበረም፤ ሠራዊቱና ማካርቲ ከአፕሪል እስከ ጁን በአደባባይ ያደረጉት ሙግት ይበልጥ ጎድቶታል። ቢሆንም መሮው በሰዓቱ ተናግሯል።

አሁን ወደ ወንበሯ እንመለስ። ብዙዎች የሚተርኩት ታሪክ እዚህ ላይ፣ በድሉ ላይ ያበቃል። የኛ ጉዳይ ግን የሚጀምረው ከዚህ ነው። በ1955 አልኮኣ ድጋፉን አቋረጠ። በዚያው ዓመት በጁን ወር፣ ከመሮው ሰዓት በፊት ባለው ግማሽ ሰዓት፣ «የ64,000 ዶላር ጥያቄ» የሚባል ጨዋታ ተጀመረ፤ ተጠያቂው በመስታወት ክፍል ውስጥ ቆሞ ያልበዋል፣ ገንዘቡ በየጥያቄው እጥፍ ይሆናል። የከንፈር ቀለም የሚሸጠው ሬቭሎን ነበር የከፈለው። አገሩ በሙሉ በዚያ ምሽት ቴሌቪዥን ፊት ተሰበሰበ። መሮው የመጀመሪያውን ቀን ጨዋታ እንዳየ ወደ ፍሬንድሊ ዞሮ፣ ይህች ሰዓታችን ስንት ጊዜ ትቆይልን ይመስልሃል ብሎ እንደ ጠየቀው ይነገራል። አልተሳሳተም። ከዚያ ምሽት ወዲህ የጎረቤቱ ሰዓት እንደ መርካቶ መደብር ሆነች፤ ዋጋዋ ናረ። እሱን ከዚያ ለማስነሣት ሳንሱር አላስፈለገም፤ ፖሊስም አላስፈለገም። የቦታ ኪራይ ብቻ በቂ ነበር።

ሳምንታዊው ፕሮግራም ቀረና አልፎ አልፎ የሚታይ ሆነ። በ1958 ጨርሶ ተዘጋ። የድርጅቱ ጌታ ዊልያም ፔይሊ፣ አከራካሪ ነገር በቀረበ ቁጥር ሆዴን ያመኛል፣ ይህ ሕመም ይብቃኝ ማለቱን ፍሬንድሊ ጽፏል። ፔይሊ ክፉ ሰው አልነበረም፤ መሮውን ለዓመታት የደገፈው እሱ ነው። ባለቤት ስለ ነበረ ነው የታመመው።

መሮው ሌላም ወንበር ነበረው፤ አድናቂዎቹ ብዙ አያነሡትም። «ፐርሰን ቱ ፐርሰን» በተባለው የዓርብ ምሽት ፕሮግራም ላይ፣ ከ1953 እስከ 1959፣ ሲጋራውን ይዞ በምቹ ወንበር ላይ ተቀምጦ የታወቁ ሰዎችን ቤት በካሜራ ይጎበኝ ነበር። ማሪሊን ሞንሮን በ1955 አነጋግሯል፤ ገና ሴናተር የነበሩትን ጆን ኬኔዲን ከነባለቤታቸው አነጋግሯል። ስለ ሶፋና ስለ መጋረጃ ይጠይቃል። ተመልካቹ ከማክሰኞው ይልቅ ይህን ወደደ። አንድ ተቺ በዚህ ተነሥቶ ላይኛው መሮውና ታችኛው መሮው ብሎ ሁለት ሰው አድርጎት ነበር። ለኛ ግን ሰውየው አንድ ነው። የማክሰኞውን ኪራይ በዓርቡ ይከፍል ነበር።

ይህ ሁሉ ያለፈ ዘመን ወሬ የሚመስለው ቢኖር በ2025 የሆነውን ያስታውስ። የመሮው ቲያትር በጁን 7 ከብሮድዌይ በሲ.ኤን.ኤን. በቀጥታ ተላለፈ፤ ብዙ ሰው አጨበጨበ። ወር ሳይሞላው፣ በጁላይ መጀመሪያ፣ ሲ.ቢ.ኤስ.ን የያዘው ፓራማውንት ኩባንያ ለፕሬዚዳንት ትራምፕ ክስ መዝጊያ 16 ሚሊዮን ዶላር ለመክፈል ተስማማ። ክሱ «ሲክስቲ ሚኒትስ» የተባለው ፕሮግራም በ2024 ምርጫ ጊዜ ከካማላ ሃሪስ ጋር ያደረገውን ቃለ መጠይቅ ቆራርጦ አሳስቷል የሚል ነበር፤ ብዙ የሕግ ሰዎች ውሃ የማያነሣ ክስ ነው ብለውት ነበር። ኩባንያው በዚያን ጊዜ ከስካይዳንስ ጋር ለመዋሐድ የመንግሥት ፈቃድ እየጠበቀ ነበር። ሁለቱ ነገሮች አይገናኙም አለ። ፈቃዱ በዚያው ወር ተሰጠ። አንባቢ ይፍረድ።

ወደ ራሳችንም ቢሆን አንድ ቃል እንጨምር። ቴሌቪዥን ወደ አገራችን በ1964 ሲገባ ወንበሩ የመንግሥት ነበር፤ ይህን ማንም ያውቀዋል፤ ስለዚህ ተመልካቹ የሚሰማውን በልኩ መዝኖ ይሰማ ነበር። ዛሬ ግን ከአዲስ አበባም ከዋሽንግተንም በዩቲዩብ በአማርኛ የሚናገረው ሐተታ አቅራቢ ጌታ የለኝም ይላል። የሚከፍለው ተመልካቹ ነው። ተመልካቹም ጌታ መሆኑን እንዘነጋለን። ሬቭሎን የከንፈር ቀለም እንደሚፈልግ ሁሉ፣ ይህ ጌታ የራሱን ቁጣ መልሶ መስማት ይፈልጋል፤ ያልሰማ ቀን ቁልፉን ተጭኖ ይሄዳል። በዚህ ወንበር ላይ ተቀምጦ የራሱን ተመልካች አሳስታችኋል የሚል ሰው ካለ፣ ድፍረቱ ከመሮው ድፍረት አያንስም እንላለን። ስንቱን እንደዚህ ያለ ሰው እናውቃለን?

መሮው ራሱ ይህን የወንበር ነገር ያውቅ ነበር። በኦክቶበር 15 ቀን 1958 ቺካጎ ላይ የራዲዮና የቴሌቪዥን ዜና ኃላፊዎች በተሰበሰቡበት ባደረገው ንግግር፣ መሣሪያው ሰዎች ለቁም ነገር ካላዋሉት በሣጥን ውስጥ ያለ ሽቦና መብራት ብቻ እንደ ሆነ ተናገረ፤ ትልልቆቹ ኩባንያዎች በየዓመቱ ከያዙት ሰዓት አንድ ሁለቱን ለቁም ነገር እንዲለግሱም ለመናቸው። ልመናው ያሳዝናል። በአገሩ እጅግ የታወቀው ሐተታ አቅራቢ ያቀረበው መድኃኒት የባለገንዘቦችን ቸርነት መጠበቅ ሆነ። ሌላ መንገድ አልታየውም ይሆናል።

የመጨረሻ ትልቁ ሥራው «የውርደት አዝመራ» ብለን ልንተረጉመው የምንችለው ፊልም ነው። በኖቬምበር 25 ቀን 1960፣ አሜሪካውያን በልተው ጠግበው ፈጣሪን ባመሰገኑበት የበዓል ቀን ማግሥት ታየ። ያ ገበታ ላይ የቀረበውን አትክልትና ፍራፍሬ እየዞሩ የሚለቅሙት ሠራተኞች በከባድ መኪና ላይ ተፋፍገው ሲጓዙ፣ ልጆቻቸውን ያለ ትምህርት ቤት ሲያሳድጉ፣ በቀን የሚያገኟት ሳንቲም ስትቆጠር አሳየ። የእርሻ ባለቤቶች ተቆጡ። ፊልሙ ዛሬም ቢታይ ያስቆጣል።

በ1961 መጀመሪያ ኬኔዲ ፕሬዚዳንት ሲሆኑ መሮውን የአሜሪካ ማስታወቂያ መሥሪያ ቤት ኃላፊ አድርገው ሾሙት፤ ይኸውም በውጭ አገር ዩ.ኤስ.አይ.ኤስ. በሚል ስም ይሠራ የነበረው ነው። ደመወዙ ሲ.ቢ.ኤስ. ከሚከፍለው እጅግ ያነሰ ነበር። ስለዚህ ገንዘብ ገዛው የሚል ሰው ካለ ይሳሳታል። የአዲሱ ወንበር ሥራ ግን የአሜሪካን መልክ ለዓለም ማሳመር ነበር። በዚያው ዓመት በማርች ወር የእንግሊዙ ቢ.ቢ.ሲ. «የውርደት አዝመራ»ን ለሎንዶን ሕዝብ ሊያሳይ እንደ ተዘጋጀ ተሰማ። መሮው ስልክ አንሥቶ የቢ.ቢ.ሲ.ን ዋና ሥራ አስኪያጅ ሂዩ ግሪንን በወዳጅነት፣ እባክህ ፊልሙን አታሳይ ብሎ ለመነ። የገዛ ፊልሙን ነው፤ በገዛ አንደበቱ የተናገረበትን፣ አራት ወር ያልሞላውን። ነገሩ በጋዜጣ ወጣ፤ የሚወዱትም አፈሩ።

እዚህ ላይ ሰውየው ተለወጠ የሚሉ አሉ። እኛ ግን የማካርቲ ጊዜው መሮውና የስልኩ መሮው ያው አንድ ሰው ነው እንላለን፤ ጠባዩ፣ ድምፁ፣ ሲጋራውም አልተለወጠም። ታሞ በ1964 መጀመሪያ ሥራውን ለቀቀ፤ በኤፕሪል 27 ቀን 1965 በሳንባ ካንሰር ሞተ፤ ዕድሜው ሃምሳ ሰባት ዓመት ከሁለት ቀን ነበር። ስለ ሲጋራና ስለ ሳንባ ካንሰር በ1955 ሁለት ፕሮግራም አቅርቦ ነበር።

ቢ.ቢ.ሲ.ን በተመለከተ፣ ግሪን ፊልሙን በገንዘባችን ገዝተነዋል ብሎ እንቢ አለው። የእንግሊዝ ሕዝብም አየው።